የገደል ማሚቶ ዕድሜ

በገደል ፊት ቆሞ የሚጣራ ሰው ጥሪው ተመልሶ ወደ እርሱ ሲመጣ ይሰማል። የሚመልስለት ሰው እንደሌለ ቢያውቅም፥ ያገራችን ሰው ለዚህች መልስ ሰጭ ስም ሳያወጣላት አልቀረም፤ የገደል ማሚቶ አላት። ማሚቶ ሥጋም አጥንትም የላትም። ቤቷ ገደል፥ ምግቧ የሰው ቃል ነው። ካልጠሯት አትናገርም፤ ከተናገረችም የሰማችውን መጨረሻ ብቻ ትደግማለች። እረኛ ቢሰድባት ትሰድበዋለች፥ ቢመርቃት ትመርቀዋለች፤ ዕድሜዋም ከአንድ ትንፋሽ አይበልጥም።

የጥንት ግሪኮችም እንዲህ ያለች ፍጥረት በሐሳባቸው ፈጥረው ነበር። ሮማዊው ባለቅኔ ኦቪድ እንደ ተረከው፥ ኤኮ የምትባል የዱር ቈንጆ የአማልክትን ንግሥት ዩኖን በወሬ እያዘገየች ስላታለለቻት፥ ከራሷ ቃል እንዳታመነጭና የሌላውን ንግግር መጨረሻ ብቻ እንድትመልስ ተፈረደባት። ከዚያ በኋላ ናርኪሶስ የሚባለውን ጐልማሳ ወድዳ ቢንቃት፥ በኀዘን መነመነችና አጥንቷ ድንጋይ ሆነ፤ ድምፅዋ ግን ቀረ። ፍርዱን አስተውሎ ለመረመረው፥ ኤኮ የተነፈገችው አንደበት ሳይሆን ጊዜ ነው፤ መቅደም የተከለከለች፥ መከተል ብቻ የተፈቀደላት ፍጥረት ናትና።

ይህ ተረት ቢሆንም ከእውነቱ ብዙ አልራቀም። ድምፅ በአየር ውስጥ በአንድ ሴኮንድ 340 ሜትር ያህል ይጓዛል። ስለዚህ ገደሉ 170 ሜትር ርቆ የቆመ እንደ ሆነ፥ ማሚቶ ከአንድ ሴኮንድ በኋላ ትመልሳለች። ርቀቱ ከ17 ሜትር ያነሰ እንደ ሆነ ግን መልሷ ከጠሪው ቃል ጋር ይደባለቅና ጆሮ ሊለያት አይችልም። እንግዲህ ማሚቶን የወለዳት ጊዜ ነው። ሥዕል በግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ተመልካቹን ይጠብቃል፤ ድምፅ ግን ማንንም አይጠብቅም፥ መጀመሪያው ሳይሞት መጨረሻው አይወለድምና። አባቶች «ካፍ ከወጣ አፋፍ» ማለታቸው ስለ ምስጢር ቢሆንም፥ ስለ ድምፅ ጠባይም እውነት ነው።

ይህን አላፊ ነገር ለመያዝ አስቀድሞ የደከመው ኤድዋር ሌዮን ስኮት ደ ማርተንቪል የተባለ የፓሪስ የማተሚያ ቤት ሠራተኛ ነው። እርሱ በ1857 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው) መብቱን ባስከበረለት መሣሪያ፥ ድምፅ የተወጠረ ስስ ሽፋን ሲያንቀጠቅጥ፥ በሽፋኑ ላይ የተተከለ ቀጭን ጠጕር ጥላሸት በተቀባ ወረቀት ላይ መስመር ይጭር ነበር። ስኮት ይህን ማድረጉ ድምፅን በዓይን ለማየት እንጂ መልሶ ለመስማት አልነበረም። በሚያዝያ 1860 አንድ የታወቀ የፈረንሳይ ዘፈን በዚህ መሣሪያ አስጻፈ፤ ከድምፁም መስመር አጠገብ፥ የጊዜው መለኪያ ትሆን ዘንድ፥ የአንዲት መቃኛ ብረት ንዝረት እንዲጻፍ አደረገ።

ወረቀቱ 148 ዓመት ዝም አለ። በ2008 በአሜሪካ አገር ሊቃውንት መስመሩን በኮምፒዩተር አንብበው ወደ ድምፅ መለሱት፤ ሰሚዎቹም የአንዲት ልጃገረድ ዜማ ሰማን ብለው ተደነቁ። ነገር ግን የመቃኛይቱን ብረት ፍጥነት በእጥፍ ቈጥረውት ኖሯል። በ2009 ልኩ ሲታረም ዜማው ዘገየ፥ ድምፁም ወፈረ፤ ዘፋኙ ወንድ፥ ምናልባትም ስኮት ራሱ ሆኖ ተገኘ። በዚህ መካከል ግን ከቶ ያልተወለደች ልጅ በሰው ጆሮ ውስጥ አንድ ዓመት ያህል ኖራ ሞተች። የጊዜ ስሕተት ወለዳት፤ የጊዜ መታረም ቀበራት።

ድምፅን ይዞ መልሶ የሚያሰማውን ፎኖግራፍ ኤዲሶን በ1877 ከሠራ በኋላ፥ ነገሩ ወደ አገራችን ቤተ መንግሥትም ደረሰ። የእንግሊዝ ንግሥት ቪክቶሪያ በ1898 ለዳግማዊ ምኒልክ ቃሏን በፎኖግራፍ ጥቅል ላይ አስቀርጻ ላከች። ከተሰማ በኋላ እንዲጠፋ ግን አስቀድማ ጠይቃ ነበርና እንደ ቃሏ ተደረገ። ዳግማዊ ምኒልክና እቴጌ ጣይቱ በበኩላቸው በ1899 በድምፃቸው መልስ ሰጡ፤ ይህም መልስ እስከ ዛሬ ይሰማል። ጥሪው ጠፍቶ መልሱ ቀረ። ገደሉ ፈርሶ ማሚቶ ብቻዋን ስትናገር እንደ መስማት ያለ ነገር ነው።

እንግዲህ የተቀረጸ ድምፅ ከማሚቶ የሚለየው በዕድሜው ርዝመት እንጂ በጠባዩ አይደለም። ሁለቱም ይከተላሉ እንጂ አይቀድሙም፤ ሁለቱም ይደግማሉ እንጂ አዲስ ጥያቄ ቢቀርብላቸው አይመልሱም። ያረፈ ሰው ድምፅ ከመኪናው ሲወጣ ልብ ይደነግጣል፤ ድምፁ ግን የሚሰማው ማን እንደ ሆነ፥ ዘመኑም ስንት እንደ ሆነ አያውቅም። ይህን ሊያውቅለት የሚገባው በሕይወት ያለው ጠባቂው ነው።

ዛሬ የአባቱን ተረት፥ የእናቱን ምርቃት ወይም የመምህሩን ዜማ በካሴትና በስልክ ያስቀመጠ ብዙ ነው። ማን እንደ ተናገረ፥ በየት ቦታና በየትኛው ቀን እንደ ሆነ የጻፈበት ግን ጥቂት ነው። ስኮት ከድምፁ አጠገብ የጊዜውን መለኪያ ባያኖር ኖሮ፥ ያችን ያልተወለደች ልጅ ከእውነተኛው ዘፋኝ የሚለይ ባልተገኘ ነበር። ዐሥር ቃል የማትሞላ አንዲት ወረቀት በካሴቱ ላይ ብትለጠፍ ለልጅ ልጅ አባቱን ታሳውቀዋለች፤ ያለ እርሷ ግን የአባቱ ድምፅ ከማን እንደ መጣ የማይታወቅ የገደል መልስ ሆኖ ይቀርበታል።