የመኪናዬ ወባ

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ይላሉ አበው። ይህን ምሳሌያዊ አነጋገር ከሕፃንነቴ ጀምሮ ስሰማው ኖሬያለሁ፤ ለተማሪዎቼም ደጋግሜ ነግሬያቸዋለሁ። ዳሩ ግን በሽታን የሚደብቀው በሽተኛው ብቻ ሳይሆን አጠገቡ ተቀምጦ የማይጠይቀውም ሰው ጭምር መሆኑን የተረዳሁት፥ አንዲት አሮጌ መኪና ካስተማረችኝ በኋላ ነው።

መኪናዋን የገዛሁት ብዙ ዓመት በመምህርነት ካገለገልሁ በኋላ፥ ጥቂት በጥቂት ባጠራቀምሁት ገንዘብ ነው። እናቴ የምትኖረው በአዳማ ሲሆን የዓይንዋ ሕክምና ግን በአዲስ አበባ ስለ ነበር፥ በየጊዜው በአውቶቡስ ስትንገላታ ማየት አንገብግቦኝ ነበር። መኪናዋ ከእጄ ስትገባ የፊት ሁለት ጎማዎችዋ አልቀው ነበር። አዲስ ለመግዛት አቅሜ ስላልፈቀደ፥ ጥርሳቸው ያላለቀ ሁለት ያገለገሉ ጎማዎች በርካሽ ገዝቼ አስገጠምሁ። ይህንንም እንደ ትልቅ ብልሃት ቈጥሬ ለባልንጀሮቼ በኩራት አወራሁ።

በአዲስ አበባ ውስጥ መኪናዋ ምንም እንከን አልነበረባትም። ከመብራት መብራት፥ ከአደባባይ አደባባይ እየቆመች ስትጓዝ፥ ሕመም አላት ብሎ የሚጠረጥር ሰው አይገኝም። አንድ ቀን ግን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2014 የተከፈተውን የአዲስ አበባ–አዳማ የፍጥነት መንገድ ይዤ ቍልቍል ስጓዝ፥ ፍጥነቱ በሰዓት 90 ኪሎ ሜትር እንደ ደረሰ መሪው በእጄ ላይ ይንቀጠቀጥ ጀመር። በመጀመሪያ እንደ ቀላል ንዝረት ነበር፤ 100 ስደርስ እጄን እስከ ክርኔ አደነዘዘው። የሚገርመው ነገር 110ን ሳልፍ እንደ መረጋጋት አለ። እኔም «አርጅታለች፤ ሽማግሌ መንቀጥቀጡ አይቀርም» ብዬ ራሴን አጽናናሁና የሬዲዮኑን ድምፅ ከፍ አደረግሁ።

ንዝረቱ ዕለት ዕለት ሲብስ ወደ አንድ ጋራዥ ወሰድኋት። መካኒኩ አንድ ጊዜ ዞር ዞር ብሎ አየና «አሞርዛተሩ ነው» አለ። መቼ እንደሚንቀጠቀጥ፥ የትኛው ክፍል እንደሚንቀጠቀጥ አልጠየቀኝም፤ እኔም አልነገርሁትም። አሞርዛተሮቹ ተለወጡ፤ የአንድ ወር ደመወዜም አብሮ ሄደ። መኪናዋ ጕድጓድ ስታልፍ ተሻላት፤ በፍጥነት መንገዱ ላይ ግን መንቀጥቀጡ እንደ ነበረ ነው። ቀጥዬ ወደ ጎሚስታ ሄድሁ። እርሱም አራቱን ጎማዎች አንድ በአንድ በባላንስ መሣሪያ ላይ አሽከረከረና በቸርኬው ጠርዝ ላይ ትናንሽ እርሳሶች ለጠፈ። ሲጨርስም የፊቶቹን ወደ ኋላ፥ የኋላዎቹን ወደ ፊት አዛውሮ ገጠመ። በማግስቱ ወደ አዳማ ስወርድ መሪው ጸጥ አለ። ደስታዬ ወሰን አልነበረውም፤ በሽታው ተነቅሏል ብዬ ደመደምሁ።

ይህ በሆነ በሦስተኛው ሳምንት፥ በ2015 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ፥ እናቴን ከሕክምናዋ ወደ አዳማ እመልሳት ነበር። እርስዋ ከኋላ መቀመጥን ትመርጣለች። ፍጥነቱን እንደ ጨመርሁ፥

«ልጄ፥ መኪናህን ወባ ይዟታል እንዴ?» አለችኝ።

ሣቅሁና «የለም እማዬ፥ እርስዋስ ድናለች፤ መሪው እኮ ጸጥ ብሏል» አልኋት።

«አንተ የያዝኸው መሪውን ነው፤ እኔ የተቀመጥሁት ከኋላ ነው። ወገቤን እያራገበችው ነው» አለች።

እናቴ የልጅነት ዘመንዋን ያሳለፈችው በአዋሽ ሸለቆ በመሆኑ ወባን በሚገባ ታውቀዋለች። ጥቂት ዝም ብላ ቆየችና፥ «ለመሆኑ መቼ መቼ ነው የሚነሣባት? ወባ እኮ ሰዓት አለው። ቀን እየዘለለ ይነሣል፤ ሲለቅህ የዳንህ ይመስልሃል። ሐኪሙም ቢሆን አስቀድሞ መቼ ጀመረህ፥ በስንት ጊዜው ይነሣብሃል ብሎ ነው የሚጠይቅህ» ስትል አከለች።

መልስ አልነበረኝም። ለሁለት የእጅ ባለሙያዎች ገንዘብ ከፍያለሁ፤ ነገር ግን ይህን አንድ ጥያቄ ለራሴ እንኳ አላቀረብሁም። የነካኝ ሌላም ነገር ነበር። እኔ ከፊት ተቀምጬ ስላልተሰማኝ ብቻ ሕመም የለም ብዬ ነበር፤ ሕመሙ ግን ከእኔ ተነሥቶ ወደ እናቴ ወገብ ተዛውሮ ኖሯል።

እናቴን ካደረስሁ በኋላ፥ በሚቀጥለው እሑድ አንድ የሥራ ባልደረባዬን ከኋላ ወንበር አስቀመጥሁና ደብተርና እርሳስ አስያዝሁት። የፍጥነት መንገዱንም በቀኝ ጠርዝ ይዘን የምናየውንና የሚሰማንን ጻፍን። ደብተሩ ላይ የሰፈረው አራት ነጥብ ነበር። አንደኛ፥ ንዝረቱ የሚሰማው በመሪው ላይ ሳይሆን በወንበሩና በወለሉ ላይ ነው። ሁለተኛ፥ ቀድሞ በ90 ይጀምር የነበረው አሁን በ70 ይጀምራል። ሦስተኛ፥ ፍሬን ሲያዝም ሆነ ሳይያዝ ጠባዩ አይለወጥም። አራተኛ፥ እግሬን ከነዳጁ ላይ ሳነሣ ንዝረቱ ወዲያው አይጠፋም፤ የሚቀንሰው ፍጥነቱ ሲቀንስ ብቻ ነው።

ይህን ደብተር ይዤ ወደ ሌላ ጋራዥ፥ ወደ አንድ አዛውንት መካኒክ ዘንድ ሄድሁ። እርሳቸው መኪናዋን ከማየታቸው በፊት በርጩማ አቀረቡልኝና ይጠይቁኝ ጀመር። ያነበብሁላቸውን ሁሉ በጥሞና ካዳመጡ በኋላ ፈገግ ብለው፥

«መምህር፥ የሥራዬን ግማሽ እርስዎ ሠርተው ነው የመጡት» አሉኝ።

«እንዴት ጋሼ?»

«ፍሬን ሲይዙ ብቻ የሚንቀጠቀጥ ቢሆን ኖሮ የፍሬኑን ዲስክ እጠረጥር ነበር። ነዳጅ ሲሰጡ ብሶ እግርዎን ሲያነሡ የሚተው ቢሆን ደግሞ ኀይል ወደ ጎማ የሚያስተላልፉትን ዘንጎችና መጋጠሚያዎች እፈትሽ ነበር። ቆማም ሞተሩ ሲጮኽ የምትንቀጠቀጥ ከሆነች የሞተሩን መቀመጫ ጎማዎች አይ ነበር። የእርስዎ ግን ከፍጥነት ጋር የሚወጣና የሚወርድ ነው፤ ስለዚህ ከሚሽከረከር ነገር ነው። ጎማዎቹ ሲዛወሩ ሕመሙ ከመሪው ወደ ወንበሩ ከሄደ ደግሞ፥ በሽታው ቦታውን ለወጠ እንጂ አልዳነም ማለት ነው። ከጎማዎቹ ጋር አብሮ ተጕዟል።»

ወዲያው መኪናዋን በክሪክ አነሡና የኋላውን የቀኝ ጎማ ፈቱ። በቸርኬው ውስጠኛ ክፍል ክረምቱን የሰነበተ የደረቀ ጭቃ ተጋግሮ ነበር። «ይህም ብቻውን ያንቀጠቅጣል» እያሉ ፍቀው አጠቡት። እኔም ይህች እፍኝ የማትሞላ ጭቃ ይህን ያህል ጕልበት ከወዴት ታገኛለች ብዬ ተደነቅሁ። ማታ ቤቴ ገብቼ በተማሪነቴ ዘመን የተማርሁትን የፊዚክስ ቀመር አስታውሼ አሰላሁት። ከጎማው ማዕከል 18 ሳንቲ ሜትር ርቃ የተጣበቀች 50 ግራም የምትመዝን ነገር፥ መኪናው በሰዓት 50 ኪሎ ሜትር ሲጓዝ የ2 ኪሎ ግራም ክብደት ያህል ኀይል ወደ ውጭ ትስባለች። ፍጥነቱ ወደ 100 ሲያድግ ኀይልዋ እጥፍ ብቻ ሳይሆን አራት እጥፍ ይሆናል፤ ይኸውም 8 ኪሎ ግራም ገደማ ማለት ነው። ጎማው በዚያ ፍጥነት በየሴኮንዱ ወደ 15 ጊዜ ያህል ስለሚዞር፥ ጎማው ከነተሸከመው ብረት በሴኮንድ 15 ጊዜ ይመታል። መኪናውም የራሱ የሆነ የመወዛወዝ ልማድ አለው። የምቱ ፍጥነት ከዚህ ልማድ ጋር ሲገጣጠም ንዝረቱ ይገንናል፤ ሲያልፈው ደግሞ ይረግባል። በ110 የተረጋጋች መስላ የታየችኝም ለዚህ ኖሯል። መረጋጋትዋ መዳን አልነበረም።

አዛውንቱ ግን ጭቃውን በማጠብ አልተወሰኑም። ጎማውን መልሰው ገጠሙና ከመሬት ከፍ እንዳለ በእጃቸው በዝግታ ያዞሩት ጀመር። አንዲት እንጨት ከመሬት ተክለው ጫፍዋን ወደ ጎማው ጥርስ አስጠግተዋት ነበር። በጎማውና በእንጨቲቱ መካከል የነበረው ክፍተት ለረጅም ጊዜ ሳይለወጥ ቆየና በአንድ ስፍራ ላይ በድንገት ጠበበ፤ ጎማውም እንጨቲቱን ጫር አድርጎ አለፈ። ደግመው አዞሩት፤ እዚያው ስፍራ ላይ ዳግመኛ ጫረ።

«እጅዎን ያምጡ» አሉኝ። መዳፌን ይዘው በጎማው ላይ አስኬዱት። ዓይኔ ያላየውን እጄ አገኘው፤ ከጥርሶቹ በታች የመዳፍ ስፋት ያለው እብጠት ነበር።

«ከላይ የሚያዩት ጥርስ ደህና ነው። ውስጡ ያለው የብረት ሽቦ ድርብ ግን ከጎማው ለቋል። ባላንስ ክብደትን ያስተካክላል እንጂ እንዲህ ያለውን ጕዳት አይጠግንም፤ ስለዚህ ነው ያልዳነልዎት» አሉ። ከዚያም በጎማው ጎን ላይ የተጻፈውን ቍጥር በጨርቅ ወልውለው አሳዩኝ። የመጨረሻዎቹ አራት አኃዞች 2411 ይላሉ። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ሳምንቱን፥ የኋለኞቹ ሁለቱ ደግሞ ዓመቱን በአውሮፓውያን አቆጣጠር እንደሚያመለክቱ ነገሩኝ። በ2011 በ24ኛው ሳምንት የተሠራ ጎማ ነበር። በብልሃቴ የኮራሁበት ርካሽ ጎማ፥ ጥርሱ ስላላለቀ ወጣት የመሰለኝ ጎማ፥ የዐሥራ አንድ ዓመት አሮጌ ኖሯል።

«ለመቼ ነበር መንገድ ያሰቡት?» ሲሉ ጠየቁኝ።

«ለነገ ጧት። እናቴን ከአዳማ ላመጣ» አልሁ፤ ድምፄም ተቈራረጠ።

እርሳቸው የተቈጣ ፊት አላሳዩኝም። «ቆላው ይሞቃል፤ ፍጥነቱም ጎማን ያሞቃል። የለቀቀ ድርብ ሙቀትና ፍጥነት ሲደራረቡበት ይገነጠላል። ጎማው ሲንቀጠቀጥ እየለመነዎት ነበር» ብቻ አሉኝ። ከዚያ በላይ መናገር አላስፈለጋቸውም። እናቴ ዘወትር የምትቀመጠው ከኋላ በስተቀኝ፥ በዚያው ጎማ አናት ላይ ነበር።

ጕዞው በአንድ ቀን ተራዘመ። ከባልደረባዬ ገንዘብ ተበድሬ ሁለት አዳዲስ ጎማዎች ገዛሁ፤ የምርት ጊዜያቸውንም ራሴ አነበብሁ። ባላንስ ተደረጉ። አዛውንቱም የጎማውን ብሎኖች በዙር ተራ ሳይሆን ፊት ለፊት ያሉትን እያፈራረቁ አጠበቁ፤ ቸርኬው በአንድ ወገን ተዛብቶ እንዳይቀመጥ መሆኑን እየነገሩ አስተማሩኝ። የለቀቀውንም ጎማ ሌላ ሰው እንዳይገዛው ብለው በስለት ሰነጠቁት። የተቀበሉኝ የጕልበት ዋጋ፥ የመጀመሪያው ጋራዥ ካስከፈለኝ ጋር ሲነጻጸር ከቍጥር የሚገባ አልነበረም።

በማግስቱ እናቴን አሳፍሬ ከአዳማ ወደ አዲስ አበባ ዳገቱን ተያያዝነው። 80 አለፍሁ፤ 90 ደረስሁ፤ 100 ላይ ተረጋጋሁ። በዚህ ጊዜ መሪው ጸጥ ማለቱን አላመንሁትም።

«እማዬ፥ ወባዋ ተነሣባት?» ብዬ ጠየቅሁ።

መልስ ስላላገኘሁ በመስተዋቱ ወደ ኋላ ተመለከትሁ። እናቴ ራስዋን በመስኮቱ ላይ አስደግፋ፥ ነጠላዋን እስከ አገጭዋ ተከናንባ እንቅልፍ ወስዷታል። ያገኘሁት ምስክርነት ከዚያ የበለጠ አልነበረም።

ከዚያን ቀን ወዲህ ያ ደብተር ከመኪናዬ አልወጣም፤ ልማዱም ወደ ክፍሌ ገብቷል። አንድ ተማሪ ውጤቱ ሲያሽቈለቍል «ሰነፍ ነው» ከማለቴ በፊት መቼ እንደ ጀመረው፥ በየትኛው ትምህርት እንደሚብስበት፥ ከኋላ ወንበር ምን እንደሚሰማው እጠይቃለሁ። ሁልጊዜ መድኃኒቱን አገኛለሁ ለማለት አልደፍርም። ሬዲዮኑን ከፍ ማድረግ ግን ትቻለሁ።