እያወቁ ያራቆቱት ባሕር

ከዚህ በላይ አታውጡ የተባለው 9.5 ሚሊዮን ቶን ነበር። ቁጥሩን ያስቀመጡት ከፔሩ የባሕር ጥናት ተቋም ጋር የሠሩና በተባበሩት መንግሥታት የምግብና የእርሻ ድርጅት በኩል የተሰባሰቡ ባለሙያዎች ናቸው። ዘመኑ 1970 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ጽፌያቸዋለሁ)። በዚያው ዓመት የፔሩ ጀልባዎች አንቾቬታ ከምትባለው ትንሽ ዓሣ ከ12 ሚሊዮን ቶን በላይ አፍሰው ወደብ ላይ ዘረገፉ። ሳይመዘገብ የቀረውን የሚገምቱ ደግሞ ትክክለኛው መጠን ከዚያም ይልቃል ይላሉ። ሦስት ዓመት ቆይቶ ያው ባሕር ሁለት ሚሊዮን ቶን እንኳ መስጠት አቃተው።

ሳያውቅ ያጠፋ ሰው ያሳዝናል። እያወቀ ያጠፋው ግን አንጀት ያሳርራል። የፔሩን ታሪክ ባነበብኩ ቁጥር የሚያንገበግበኝ ይኸው ነው፤ የጎደላቸው ዕውቀት አልነበረም። እንዲያውም ዕውቀቱ ሦስትና አራት ጊዜ በየመልኩ እየመጣ በራቸውን አንኳኩቷል።

አስቀድሞ ባሕሩ ምን ዓይነት ባሕር እንደነበረ ይታወቅልኝ። በፔሩ ጠረፍ ከደቡብ ወደ ሰሜን የሚነፍስ ነፋስ አለ። ይህ ነፋስ ከምድር መሽከርከር ጋር ተዳምሮ የላይኛውን ውሃ ከጠረፉ እያራቀ ወደ መሀል ውቅያኖስ ይገፋዋል። የተገፋውን ቦታ ለመሙላት ከሥር፣ ፀሐይ ከማይደርስበት ጥልቀት፣ ቀዝቃዛ ውሃ ሽቅብ ይወጣል። ያ ውሃ ባዶውን አይመጣም። ለዘመናት ወደ ታች የረገፈው የባሕር ፍጡር ሁሉ በስብሶ የተወውን ናይትሬትና ፎስፌት ይዞ ይመጣል። ብርሃን ሲያገኝ በዓይን የማይታዩ የባሕር ዕፅዋት ይፈሉበታል፤ አንቾቬታ እነሱንና እነሱን የሚበሉትን ጥቃቅን እንስሳት ትበላለች፤ አንቾቬታን ደግሞ ወፉም፣ የባሕር አንበሳውም፣ ትልልቁም ዓሣ ይበላታል። ሌላው ባሕር ላይ ከዕፅዋቱ እስከ ሰው መረብ ድረስ አራትና አምስት በላተኛ ይቆማል፤ በየእርከኑም አብዛኛው ጉልበት ይባክናል። እዚህ መንገዱ አጭር ነው። ከዓለም ውቅያኖስ ስፋት አንድ በመቶ የማይሞላው ይህ ጠረፍ በደጉ ዘመን ከዓለም የባሕር ዓሣ አንድ አምስተኛውን ያህል ያስገኘው ለዚህ ነው። ነፋሱ እስከነፈሰ ድረስ አያልቅም። እንዲህ ያለ ሀብት የታደለ አገር በጣት ይቆጠራል።

የመጀመሪያው ትምህርት ከወፎቹ መጣ። ውሃው ቀዝቃዛ ስለሆነ ጠረፉ ዝናብ አያውቅም፤ ዝናብ ስለሌለም በደሴቶቹ ላይ ወፎች የጣሉት ኩስ ሳይታጠብ ተከመረ፤ በቺንቻ ደሴቶች ክምሩ በአሥሮች የሚቆጠሩ ሜትሮች ከፍ ብሎ ተራራ አክሎ ነበር። ጉዋኖ ይሉታል፤ ማዳበሪያ ነው። ጋርሲላሶ ዴ ላ ቬጋ በ1609 ባሳተመው መጽሐፉ እንደሚነግረን፣ በኢንካ ነገሥታት ዘመን ወፎቹ በሚፈለፍሉበት ወቅት ወደ ደሴቶቹ የገባ ሰው በሞት ይቀጣ ነበር፤ ወፍ የገደለም እንዲሁ። የአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዘመን ሪፐብሊክ ያን ሕግ ረስቶ፣ ከቻይና በመጡ የጉልበት ሠራተኞች ትከሻ ክምሩን እያስዛቀ ለአውሮፓ ሸጠ። መንግሥት በዚያ ገንዘብ ኖረ፣ በዚያ ተበደረ፣ በ1876 ደግሞ ዕዳውን መክፈል አቅቶት እጁን ሰጠ። ኢንካዎች የጠበቁት በጥቂት አሥርት ዓመታት ተበላ።

ይህን ያየ አይማርም? ተምሮ ነበር፤ ይህም ነው ነገሩን ይበልጥ መራራ የሚያደርገው። በ1909 ጉዋኖውን የሚያስተዳድር ድርጅት ተቋቁሞ ደሴቶቹን በዘበኛ አስጠበቀ፤ ወፎቹ ተዋለዱ፤ በ1950ዎቹ አጋማሽ ከ20 ሚሊዮን በላይ ደረሱ። የዓሣ ዱቄት ፋብሪካዎች በጠረፉ ላይ መብቀል ሲጀምሩም ያ ድርጅት የወፎቹን ቀለብ ልትወስዱ ነው ብሎ ተቃውሟል። የሰማው አልነበረም። እንዲያውም ወፎቹ ዓሣችንን ይሻሙናል የሚል ክርክር ተነሣ።

ሁለተኛው ትምህርት በመርከብ ተጭኖ መጣ ቢባል ማጋነን አይሆንም። በ1940ዎቹ መጨረሻ የካሊፎርኒያ ሰርዲን ጠፋ፤ የሞንቴሬይ ፋብሪካዎች ተዘጉ፤ ሥራ የፈታው ማሽን በርካሽ ተሽጦ ከፊሉ ፔሩ ገባ። አንዱን ባሕር አራቁቶ የመጣ ብረት ሌላው ባሕር ዳር ሲተከል፣ ይህ ማሽን ከየት መጣ፣ ባለቤቱስ ለምን ሸጠው ብሎ የጠየቀ ሰው ነበር ይሆን? ቢኖርም ድምፁ በፋብሪካው ጩኸት ተውጧል። ቺምቦቴ የተባለችው ትንሽ የወደብ ከተማ በጥቂት ዓመታት ውስጥ በዓለም ላይ ብዙ ዓሣ የሚራገፍባት ወደብ ሆነች፤ የፋብሪካው ደምና ቅባት የሚፈስበት የባሕር ወሽመጧም ገማ።

1965 ላይ ኤል ኒኞ፣ ሞቃት ውሃ ጠረፉን የሚሸፍንበት ክስተት፣ መጣና ወፎቹ ረገፉ። ከዚያ በፊትም በ1957 ረግፈው ነበር፤ ያኔ ግን መልሰው ተዋልደዋል። ከ1965ቱ በኋላ የቀድሞ ቁጥራቸውን አላዩትም፤ የሚበሉትን ጀልባው ቀድሟቸዋል። ከዚህ የበለጠ ምን ደወል ይደወል!

ቀጥሎ የባለሙያዎቹ ቁጥር መጣ። አብሮም ጀልባውም ፋብሪካውም በዝቷል፣ ቀንሱ የሚል ማስጠንቀቂያ ተሰጠ። ከ1,000 በላይ ጀልባ፣ ከ100 በላይ ፋብሪካ፣ ሁሉም በባንክ ብድር። ጀልባ ቆሞ ወለድ አይከፍልም። ባለጀልባው እኔ ብተወው ጎረቤቴ ያወጣዋል ይላል፤ ደግሞም እውነቱን ነው። መገደብ የነበረበት መንግሥት ነው፤ መንግሥት ግን የውጭ ምንዛሪው ከዚያው ነው።

1972 ገባ። ኤል ኒኞ ተመለሰ፤ ነፋሱ ደከመ፣ ሞቃት ውሃ ከምዕራብ ገፍቶ ጠረፉን ሸፈነ፣ ከሥር የሚመጣው ቀለብ ተቋረጠ። (ሰላማዊ ውቅያኖስ በሞቀ ዓመት የእኛም ክረምት ብዙ ጊዜ ይሳሳል፤ ወሎን የፈጀው ረሃብም ከዚሁ ወቅት የዝናብ እጥረት ጋር የተያያዘ ነው። የኛው ቁጭት ራሱን የቻለ ጽሑፍ ይፈልጋል።) ሙቀቱን ሰው አላመጣውም። ሰው ያደረገው ሌላ ነው። አንቾቬታዋ የቀረችውን ቀዝቃዛ ውሃ ተከትላ ጠረፉ ሥር ተፋፍጋ ተጠጋች፤ ለጀልባዎቹ ዓሣው የበዛ መሰላቸው። የዓመቱ ጫጩት ዓሣ እጅግ ጥቂት እንደሆነ እየታየ መረብ ተጣለ። የዓመቱ ምርት 4 ሚሊዮን ቶን ያህል ነበር፤ አብዛኛው የተያዘው በመጀመሪያዎቹ ወራት ነው፤ የተያዙትም የሚወልዱት ትልልቆቹ ናቸው። የኛ ገበሬ ልጆቹ እየራባቸው እንኳ የዘር እህሉን ጎተራ ላለመክፈት እስከ መጨረሻው ይታገላል። እነዚህ ማንም ሳይርባቸው ዘሩን አወጡት።

ግንቦት 1973 መንግሥት ዘርፉን በሙሉ ወረሰና ፔስካ ፔሩ የተባለ ድርጅት አቋቋመ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። የተወረሰው ዝገትና ዕዳ ነበር። የፔሩ የዓሣ ዱቄት ጠፍቶ በዓለም ገበያ የእንስሳት መኖ ሲጎድል የአኩሪ አተር ዋጋ ናረ፤ በሰኔ የኒክሰን መንግሥት ወደ ውጭ እንዳይሸጥ ለጊዜው አገደ፤ የደነገጠችው ጃፓንም ፊቷን ወደ ብራዚል አዞረች። ደንበኛ አንዴ ሌላ ቤት ከለመደ ለመመለስ ይከብደዋል። አንቾቬታ እንደ ቀድሞዋ ለመብዛት ሃያ ዓመት ግድም ፈጀባት።

ዛሬ ለእያንዳንዱ ጀልባ የራሱ ድርሻ ይመደብለታል፤ ይህ ሕግ ሥራ ላይ የዋለው በ2009 ነው። ከዚያ በኋላ ባለጀልባው መሽቀዳደሙን ተወ። በ2023 ኤል ኒኞ ሲመጣና መረብ ውስጥ የሚገባው ጫጩት ሲበዛ የሰሜንና የመሀል ጠረፉ የመጀመሪያ የማጥመድ ወቅት ጭራሹን ተሰረዘ። ኩባንያዎቹ ብዙ ገንዘብ አጡ፤ ዓሣው ተረፈ። ሳይቃጠል በቅጠል ማለት ይህ ነበር። ለዚህ ያስፈለገው የባሕር ጥናት ተቋም ከ1964 ጀምሮ አለ። በ1972 የጎደለው በጊዜው ዝጉ ብሎ የሚያዝ አፍ ነበር።

አንድ ቁጭት ግን ዛሬም አልወጣልኝም። ያ ሁሉ ሚሊዮን ቶን የት ገባ? ተቀቅሎ፣ ተጨምቆ፣ ደርቆ ዱቄት ሆነ፤ የአሜሪካና የአውሮፓ ዶሮና አሳማ በላው። አንድ ቶን ዱቄት ለማግኘት ከአራት ቶን በላይ ዓሣ ይፈጃል። ዓሣዋ ለሰው የምትሆን፣ ብረትና ጥሩ ስብ የሞላባት ናት፤ ከጠረፉ ጀርባ ባሉት ተራሮች ላይ ደግሞ ያንኑ ያጡ ልጆች ነበሩ። ጨው ነስንሶ፣ አድርቆ ወይም በቆርቆሮ አሽጎ ሽቅብ የሚያደርስላቸው ጠፋ። ዛሬ ድርሻ ተለክቶ፣ ጫጩት ተቆጥሮ ከሚወጣው አንቾቬታም አብዛኛው የሚሄደው እዚያው ዱቄት ፋብሪካ ነው፤ ዋናዋ ገዢ ቻይና ናት። በፔሩ ሦስት ዓመት ካልሞላቸው ሕፃናት ከአሥሩ አራቱ ያህሉ የደም ማነስ አለባቸው።