ዘበኛውንስ ማን ይጠብቀው?

ሳሎንዎ ውስጥ የጥበቃ ካሜራ ካለ አንድ ጥያቄ ልጠይቅዎ፦ ፈርምዌሩን ለመጨረሻ ጊዜ ያዘመኑት መቼ ነው? ብዙዎቻችን ካሜራን እንደ በር ቁልፍ እናየዋለን፤ አንዴ ከተገጠመ አበቃ። ካሜራ ግን ትንሽ ኮምፒውተር ነው። ፈርምዌር ደግሞ እሱን የሚያሠራው ፕሮግራም ነው። ክፍተት ሲገኝበት አምራቹ አዲስ ያወጣል፤ መጫኑ የኛ ድርሻ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2016 ሚራይ የተባለ አጥፊ ፕሮግራም የፋብሪካ ይለፍ ቃላቸው ያልተቀየረ ካሜራዎችንና ሌሎች ዕቃዎችን በብዛት ተቆጣጥሮ ነበር። በእነሱ አማካይነት በተፈጸመ ጥቃት ትዊተርና ኔትፍሊክስ ሳይቀሩ ለሰዓታት ተስተጓጉለዋል።

እኔ ቤት ካሜራው የሚያየው እናቴን ነው። ቢሮ ሆኜ መድኃኒቷን በሰዓቱ መውሰዷን የማየው በእሱ ነው። እሷ ነጠላዋን አጣፍታ ስትጸልይ ባዕድ ሰው እንዲያያት አልፈልግም፤ ስለዚህ አዘምነዋለሁ።

ባለፈው ክረምት ግን ማዘመኑ ሳያልቅ መብራት ሄደ። ሲመጣ ካሜራው አልነሳ አለ። የጥገና ባለሙያው «ሞቷል፤ አዲስ ይግዙ» አለኝ። አልሞተም ነበር።

እንዲህ ሲያጋጥም ብዙ ካሜራዎች በሜሞሪ ካርድ ይነሳሉ። ከአምራቹ ድረ ገጽ የሞዴሉን ፈርምዌር ያውርዱ። ፋት32 በሚባለው ዓይነት ፎርማት በተደረገ ካርድ ላይ፣ አምራቹ ባዘዘው የፋይል ስም ያስቀምጡት። ካሜራውን ከሶኬት ነቅለው ካርዱን ይክተቱ፤ የማስተካከያ ቁልፉን ተጭነው እንደያዙ መልሰው ይሰኩት። የጠቋሚዋ መብራት ቀለም ሲቀየር ቁልፉን ይልቀቁና ጥቂት ደቂቃ ሳይነኩት ይጠብቁ። የቀለሙና የቁልፉ ነገር እንደየካሜራው ስለሚለያይ መመሪያውን ያንብቡ። የሞዴሉ ቁጥር በአንዲት ፊደል እንኳ ከተለየ አይጫኑት። የእናቴ ካሜራ የተነሳው በዚሁ መንገድ ነው።

መከላከያውም ቀላል ነው። ካሜራዎ በዩኤስቢ ገመድ በ5 ቮልት የሚሠራ ከሆነ፣ ሲያዘምኑት ቻርጅ የሞላ ፓወር ባንክ ላይ ይሰኩት፤ መብራት ቢሄድም ሥራው አይቋረጥም። የፋብሪካውን ይለፍ ቃልም በዚያው ይቀይሩ። ለግቢያችን ዘበኛ እራትና ጋቢ እንደምናስብለት ሁሉ፣ ለሳሎኑም ዘበኛ በወር አንድ ምሽት አይነፈገው።