ለጭፈራ የተመረጠ መሬት

ወጣት አንባቢያን ሆይ፤ ሠርግ ሊደገስ ነው ሲባል አስቀድሞ ወደ ሐሳባችሁ የሚመጣው ምንድን ነው? ምናልባት የሙሽሮቹ ልብስ ይሆናል፤ ምናልባትም ጠጁና የሚታረደው ሰንጋ ይሆናል። እንግዶቹ ቆመው የሚጨፍሩበትን መሬት የሚያስብ ሰው ግን ጥቂት ነው። መሬት ዘወትር ከእግራችን በታች ያለ ነገር ስለ ሆነ መመረጥ የሚገባው አይመስለንም። እኔ ግን በቢታ ገነት ጎረቤቴ ልጁን በዳረ ጊዜ የጭፈራውን ቦታ እንዲመርጡ ከተላኩት ሰዎች አንዱ ነበርሁና ሦስት ቀን ሙሉ ስለ ዐፈር ስከራከር ሰንብቻለሁ። የክርክሩ ፍሬ ነገር ዐፈር ብቻ እንዳልነበረ የታወቀውም በሦስተኛው ቀን ነው።

ቢታ ገነት ከከፋ ዞን ዋና ከተማ ከቦንጋ በስተ ምዕራብ የምትገኝ ትንሽ ከተማ ናት። አገሩ የደንና የዝናብ አገር ነው። የከፋ ደን በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ስፍራ ሆኖ የተመዘገበው በ2002 ዓ.ም. ነው፤ ለዚህ ክብር ያበቃው ልምላሜ ግን ለሠርግ ደጋሽ ጭንቀት ነው። በብዙው የኢትዮጵያ ክፍል የጥር ሠርግ የሚፈራው አቧራን ሲሆን፣ በከፋ በጥርም ቢሆን ዝናብ አይታመንም። ቀዩ ዐፈር ሲደርቅ እንደ ሸክላ ይጠነክራል፤ ካፊያ ሲነካው ደግሞ እንደ ሳሙና ያንሸራትታል። አንድ ሽማግሌ ቢወድቁበት ሠርገኛው ሁሉ ዘፈኑን ትቶ ወጌሻ ፍለጋ ይሮጣል።

አንዳንድ ወጣቶች የኪራይ አዳራሽ ይያዝ አሉ። በእርግጥ ሲሚንቶ ጭቃ የለውም። ነገር ግን ሲሚንቶ ለረገጠው እግር አይራራም፤ ሌሊቱን ሲዘል ያደረ ሰው በማግስቱ ጉልበቱን ይዞ ነው የሚነሣው። አውሮፓውያን ይህን ስለሚያውቁ የጭፈራ አዳራሾቻቸውን ወለል ከእንጨት ይሠራሉ፤ እንጨቱም ሲረገጥ በመጠኑ ጎንበስ ብሎ እንዲመለስ ከሥሩ ክፍት ቦታ ይተዉለታል። በእንግሊዝ አገር በብላክፑል ከተማ ያለው የታወር አዳራሽ ወለል ከ30,000 በሚበልጡ የእንጨት ቁርጥራጮች የተገጣጠመ ነው። እኛ ይህን ያህል አልተመኘንም። በሚገባ ተጠቅጥቆ በእበት የተለቀለቀ ዐፈር የእንጨትን ያህል ባይሆንም ከሲሚንቶ ይልቅ ለእግር የተመቸ መሆኑን ከልጅነታችን ጀምሮ እናውቃለን።

ከመንደሩ በታች ያለው ሜዳም ታይቶ ነበር። ሣሩ ሲያዩት ያማልላል፤ ተረከዝ ሲያርፍበት ግን ውሃ ያቁራል። እሱን ለከብቶቹ ተውንላቸው።

እንግዲህ የቀሩት ሁለት ቦታዎች ነበሩ፤ አንደኛው ግቢው፣ ሁለተኛው አውድማው። ግቢው የአባቶች ልማድ ያለበት ስፍራ ነው። ዳሱ በእንጨትና በቀርከሃ ይጣላል፤ ወጥ ቤቱ ቅርብ ነው፤ ዝናብ ቢመጣ መጠለያ አለ። ጉድለቱ ጠባብነቱ ነው። ቤቱን ከፊት መንገዱ፣ ከጎንና ከኋላ እንሰቱ ከቦታል። ዳሱን ለማስፋት እንሰት መቁረጥ ሊኖር ነው። እንሰት ደግሞ ተተክሎ ለምግብ እስኪደርስ ብዙ ዓመት የሚፈጅ ተክል ነው፤ ለአንዲት ሌሊት ጭፈራ የብዙ ዓመት ቀለብ መቁረጥ ለእኔ አልተዋጠልኝም። የሙሽራይቱ እናትም ነገሩን ሲሰሙ የሚሆነው በእኔ ሬሳ ላይ ነው ብለው ቁጭ አሉ።

አውድማው ከአጥሩ ውጭ፣ ከቤቱ ከፍ ብሎ በጉብታ ላይ ይገኛል። በሬዎች በየዓመቱ እኽል ሲያበራዩ የረገጡት ስለ ሆነ ማንም ሠራተኛ ሊጠቀጥቀው ከሚችለው በላይ ጠንክሯል። ቢሆንም መሬት በዐይን አይመረጥምና ፈተንነው። በመካከሉ አንድ ሎሚ አስቀመጥን፤ ሎሚው ወደ ምሥራቅ በኩል ዝግ ብሎ ተንከባለለና ቆመ፤ ጥቂት ዘንበል ማለቱ ውሃ እንዳይተኛበት ስለሚረዳ ደስ አለን። ቀጥሎ አንድ ባልዲ ውሃ አፈሰስንበት፤ አብዛኛው ወርዶ ሄደ፤ የቀረውም ቶሎ ጠፋ። በመጨረሻ ጫማችንን አውልቀን ተመላለስንበት። ዐይን ያላየውን ጠጠርና የአገዳ ጉቶ የሚያገኘው ባዶ እግር ነው። እናንተም አንድ ቀን ይህን የመሰለ ሥራ ቢሰጣችሁ በጫማችሁ አትመኑ።

የቦታው ስፋት የሚለካው ደግሞ በሰው ቁጥር ብቻ ሳይሆን በጭፈራው ዓይነት ነው። እስክስታ የትከሻ ነው፤ አንድ ሰው በቆመበት ክንድ በማይሞላ ቦታ ሊወርደው ይችላል። የጉራጌ ጭፈራ እግርን ያፋጥናልና ጠንካራና ደልዳላ መሬት ይፈልጋል። የትግራይ ጭፈራ ክብ ሠርቶ ይዞራል፤ ለእሱ ዙሪያው ሰፊ መሆን አለበት። በቢታ ገነት የከፋው ተወላጅ፣ ከልዩ ልዩ አገር የመጣው ነጋዴና የመንግሥት ሠራተኛ በአንድ ሠርግ ላይ ይገናኛሉ፤ ስለዚህ የሁሉንም እግር የሚችል መሬት ያስፈልጋል። በዚህ ሚዛን አውድማው ግቢውን በብዙ ይበልጠዋል።

ይሁን እንጂ የሙሽራይቱ አያት አልተቀበሉትም። በመጀመሪያ እኽል የሚወቃበት መሬት የተከበረ ነው፤ ዳንኪራ አይመታበትም አሉ። በጫማ ላይረገጥ ቃል ገባን። ቀጥለው ነፋሱን አነሡ፤ በነፋሱ በኩል ሸራ እንደሚወጠር ነገርናቸው። በሦስተኛው ቀን እውነተኛው ምክንያት ወጣ።

«አጥር በሌለው ቦታ» አሉ፣ «የሚገባውና የማይገባው በምን ይለያል?»

ምን ማለታቸው እንደ ሆነ በዚያ የነበርነው ሁሉ ገብቶናል፤ ለእናንተ ግን ማስረዳት አለብኝ። በከፋ ማንጆ ተብለው የሚጠሩ ወገኖች አሉ። ቋንቋቸው ከሌላው ከፋ ጋር አንድ ነው። በጥንቱ ልማድ ግን እነዚህ ሰዎች ወደ ሌላው ሰው ቤት አይገቡም፤ ከሌላው ጋር በአንድ ገበታ አይቀርቡም፤ ግብዣ ሲኖር ድርሻቸው በደጅ በእንሰት ቅጠል ላይ ይሰጣቸው ነበር። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት ዐዋጅ መሬትን ለሚያርሰው ሁሉ ሲያደርግ እነሱንም አላገለለም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 25 ሰዎች ሁሉ በሕግ ፊት እኩል መሆናቸውን ደንግጓል። ዐዋጅ ግን መሬት ያከፋፍላል፤ ፍርድ ቤትም ይከፍታል እንጂ የዳስ በር ላይ ቆሞ እንግዳ አይቀበልም። የዳሱን በር የሚጠብቀው ልማድ ነው።

ሙሽራይቱ ከማንጆ ወገን የሆነች ጓደኛ ነበረቻት። ከዘጠነኛ ክፍል ጀምሮ በአንድ ወንበር ተቀምጠው፣ አንድ መጽሐፍ ለሁለት ይዘው ተምረዋል። ልጅቱ ለሠርጉ ከመጣች ወደ ዳሱ ትገባለች ወይስ ከአጥሩ ውጭ ቆማ ታያለች? ይህን ጥያቄ ማንም በግልጽ አላነሣውም ነበር። ስለ ዳገት፣ ስለ ቦይና ስለ ነፋስ ያን ያህል የተነጋገርነው ይህን ላለመናገር ይመስለኛል።

ሙሽራይቱ ለሽማግሌዎች ቡና ስታቀርብ የአያቷን ቃል ሰማች። ስኒውን በሁለት እጇ ሰጥታቸው ጎንበስ እንዳለች እንዲህ አለቻቸው፦

«አባባ፤ እሷ ከአጥር ውጭ ቆማ እኔ በውስጥ ብጨፍር እግሬ አይታዘዘኝም። ይፍቀዱልኝና አውድማው ላይ ይሁን።»

ሽማግሌው ቡናቸውን እስኪጨርሱ ድረስ ምንም አልተናገሩም። ስኒውን ከመለሱ በኋላም ስለ አጥሩ አላነሡም፤ «ገና ያልተወቃው የጤፍ ክምር አለ፤ እሱን ማን ዞር ያደርገዋል?» ብለው ብቻ ጠየቁ። እኛም ፈቃዳቸው መሆኑን ተረድተን በዚያው ዕለት ክምሩን ወደ ዳር አዞርነው።

ዝግጅቱ ብዙ ድካም አልጠየቀም። አገዳውና ጠጠሩ ተለቀመ፤ መሬቱ ወደ ማታ ውሃ ተርከፍክፎበት በማግስቱ በከባድ ግንድ ተጠቀጠቀ። ከዚያ እበት በስሱ ተለቀለቀና ሁለት ቀን እንዲደርቅ ተተወ። በላይኛው በኩል አንድ ክንድ የሚሰፋ ቦይ ተቆፈረ፤ ከላይ የሚወርድ ጎርፍ ወደ ጭፈራው ቦታ እንዳይገባ የሚያግደው እሱ ነው። ቄጤማ የተጎዘጎዘው ከመቀመጫዎቹ ሥር ብቻ ነበር። ብዙ ሰው ለጌጥ ብሎ ጨፋሪው በሚረግጠው ላይ ይጎዘጉዘዋል፤ እርጥብ ቄጤማ ግን ያንሸራትታል፤ ጉድጓዱንም ይሸፍናል።

በሠርጉ ማታ ጥቂት ካፊያ ጣለ። ቦዩ ውሃውን ወሰደው፤ መሬቱም ቻለው። ከበሮው ሲመታ ክቡ ሰፋ፤ ከዳር ቆመው ይመለከቱ የነበሩት ሰዎች እግራቸው በዚያው አውድማ ላይ ስለ ነበር ወደ ክቡ ለመግባት የሚሻገሩት ደፍ አልነበረም። የሙሽራይቱ ጓደኛ ገባች፤ ሁለት ታናናሽ ወንድሞቿም ተከተሏት። ምግብ በቀረበ ጊዜ ግን ከአረጋውያኑ አንዳንዶቹ ድርሻቸውን ይዘው ወደ ግቢው ሄዱ። ይህንን አልሸሽጋችሁም። አብሮ መጨፈር ከአብሮ መብላት ይቀላል።

በጫማ አይረገጥም የተባለውን ቃል ሁሉም አልጠበቀውም ነበርና በማግስቱ ስንመለከት የሴቶቹ ቀጭን የጫማ ተረከዝ ልቅላቂውን በብዙ ቦታ በስቶታል። የሙሽራይቱ አያት በምርኩዛቸው ቀዳዳዎቹን እያመለከቱ ጥቂት አጉረመረሙ። ከዚያም ምርኩዛቸውን ከክምሩ ላይ አስደግፈው፣ እጅጌያቸውን ሰብስበው አዲሱን እበት ያቦኩ ጀመር፤ ጤፉ ከሳምንቱ መጨረሻ በፊት መወቃት ነበረበት።