ጓሳ፣ የመንዝ ሣር

ብዙዎቻችን የድሬዳዋ ልጆች ውርጭ የሚባለውን ነገር የምናውቀው በመጽሐፍ ነው። ከተማችን ከባሕር ጠለል በላይ 1,200 ሜትር ያህል ላይ የምትገኝ ቆላ ስለ ሆነች፣ ሣር ለእኛ ከዝናብ በኋላ በቅሎ ወዲያው የሚደርቅ ነገር ነው። ስለዚህ ባለፈው ጥር በዕረፍት ጊዜያችን ወደ አጎቴ አገር ወደ መንዝ ሄጄ ያየሁትን ለጓደኞቼ ላጫውት አሰብሁ።

ጓሳ የቦታውም የሣሩም ስም ነው። ቦታው በሰሜን ሸዋ ከ3,200 ሜትር በላይ ከፍ ብሎ የተዘረጋ ነው። ቀን ፀሐይ ያቃጥላል፤ ሌሊት ውርጭ ይወርዳል። ሣሩ ግን ችምችም ብሎ ስለሚበቅል፣ የደረቀው ቅጠል ለምለሙን ቡቃያ እንደ ጋቢ ሸፍኖ ከብርድ ያድነዋል። በመካከሉ ጅብራ ቆሞ ይታያል፤ ብዙ ዘመን አድጎ አንድ ጊዜ ብቻ ያብብና ይሞታል። ጭላዳና ቀይ ቀበሮም የሚኖሩት በዚሁ ሣር መካከል ነው።

ሕዝቡ በጓሳ ቤት ይከድናል፣ ገመድ ይገምዳል፣ ለዝናብ ገሳ ይሠራል። ታዲያ እንዴት አላለቀም? ከ17ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ የአስቦና የጌራ ተወላጆች በቄሮ ሥርዓት ሲጠብቁት ኖረዋል። ሣሩ ለጥቂት ዓመታት ይዘጋል፤ ሲደርስ በስምምነት ይከፈታል። ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በኋላ የጥንቱ ሥርዓት ቢቀርም፣ ኅብረተሰቡ በደንብ መጠበቁን ቀጥሏል።

የአጎቴ ቤት ክዳን አርጅቶ በአንድ ማዕዘን ሰማይ ይታይ ነበር። ጓሳው ግን ገና ዝግ ነው። «ጋሼ፣ አንድ ሸክም ብቻ ቢያጭዱ ማን ያያል?» ብዬ ጠየቅኋቸው። እሳቸውም ሣቅ ብለው፣ «አንተ ታያለህ። ነገ ጎረቤቴ ያያል፤ ከነገ ወዲያ ሁላችንም ማጭድ ይዘን እንወጣለን» አሉኝ። መጪውን ክረምት በአሮጌው ክዳን ሊያሳልፉት ቆርጠዋል።

ይህ ለድሬዳዋ ምን ይጠቅማል የሚል አይጠፋም። ጓሳ ዝናቡን ይዞ ቀስ በቀስ ስለሚለቀው፣ ወደ ዓባይና ወደ አዋሽ የሚገቡ ወንዞች ከዚያ ይመነጫሉ። የእኛ ከተማ ደግሞ ውሃ በተራቆተ ተራራ ላይ ሲንደረደር ምን እንደሚያደርስ አይታለች። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ከደጋው የወረደው ጎርፍ ደቻቱን ሞልቶ ከ200 በላይ ሰዎችን ገደለ። እንግዲህ ጓደኞቼ ሆይ፣ ችግኝ ልንተክል ወደ ተራራው ስንወጣ፣ በዚያ የበቀለውም ሣር እንዲጠበቅ እናስብ።