ሥጋትን የሚቈጥሩ፣ ድካምን የሚለኩ

በማደሪያ ክፍላችን የኢኮኖሚክስ ተማሪ የሆነ ጓደኛ አለኝ። «ነገ ምን ይመጣ ይሆን» የሚለው የገበያ ሥጋት እንኳ በቍጥር ይለካል ብሎ በቅርቡ ተከራከረኝ። ይኸውም ቤከር፣ ብሉምና ዴቪስ የተባሉ ሊቃውንት እ.ኤ.አ. በ2016 ባሳተሙት ጥናት ዐሥር የአሜሪካ ጋዜጦችን ወስደው፣ ስለ ኢኮኖሚ፣ ስለ እርግጠኛ አለመሆንና ስለ መንግሥት መመሪያ የሚናገሩ ቃላት በአንድነት የሚገኙባቸውን ጽሑፎች በየወሩ ቈጠሩ። ቍጥሩ ሲበዛ ሥጋቱ ጨመረ ይባላል። ጋዜጠኛ ከነጋዴው አብልጦ ሊፈራ ይችላል ብዬ መለስሁለት፤ ዳሩ ግን ዐሳቡ አልለቀቀኝም። የማይታየው ነገር በዱካው ከተለካ፣ በቤተ መዘክር ውስጥ የሚይዘን ድካምስ?

እርሱም ለካ ከተለካ ቈይቷል። በቦስተን የሥነ ጥበብ ቤተ መዘክር ጸሐፊ የነበረው ቤንጃሚን ጊልማን እ.ኤ.አ. በ1916 አንድ ተመልካች ዕቃዎቹን ደኅና አድርጎ ለማየት ሲያጐነብስና አንገቱን ሲያጣምም የሚያሳዩ ፎቶግራፎችን አሳተመ፤ ጥፋቱ የሰውየው ሳይሆን የሣጥኑ አቀማመጥ ነው ለማለት ነው። በ1928 ደግሞ ኤድዋርድ ሮቢንሰን የተባለ የሥነ ልቡና ሊቅ ተመልካቾችን ሰዓት ይዞ ስለ መከታተል የሠራው ጥናት ታተመ። የሚገርመው፣ ሰዎቹ በወንበር ተቀምጠው ሥዕል ቢያዩም ትኵረታቸው እየቀነሰ መሄዱ ነው። እንግዲህ የሚደክመው እግር ብቻ አይደለም፤ ልብም ይጠግባል። በኒው ዮርኩ ሜትሮፖሊታን ቤተ መዘክር ተጠንቶ በ2001 በታተመ ሥራ መሠረት፣ ሰው በአንድ ሥዕል ፊት የሚቆመው በአማካይ 27 ሰከንድ ያህል ነው።

ይህን ሳነብ አክስቴ ትዝ አሉኝ። ከደብረ ብርሃን ለሕክምና መጥተው ሳለ ከከተማው ቤተ መዘክሮች ወደ አንዱ ወሰድኋቸው። ገና በመጀመሪያው ክፍል ከአንዲት አሮጌ ሙዳይ ፊት ቆሙና አክርማው በምን እንደ ተነከረ ነገሩኝ፤ የስፌቱን አዟዟር አይተውም «ይችን የሰፋችው ግራኝ ናት» አሉ። ሩብ ሰዓት ያህል ሳንቆም አልቀረንም። ከሥሯ የተጻፈው «ሙዳይ» የሚል ብቻ ነው። በሦስተኛው ክፍል ግን ደከሙ፤ መቀመጫ የለም፤ ግድግዳውን ቢደገፉ ዘበኛው ከለከላቸው። «ይበቃኛል ልጄ» ብለው ወጡ። አብሮን የነበረው ያጎቴ ልጅ ቀስ ብሎ «የገጠር ሰው ቤተ መዘክር ምን ያደርግለታል?» አለኝ።

ይህ አነጋገር እስከ ዛሬ ያናድደኛል። በሰዓት ከተለካ አክስቴ ከሜትሮፖሊታኑ ተመልካች ሠላሳ እጥፍ ያህል አይተዋል! የጐደላቸው ወንበር ነበር፤ ከዚያም የሚያውቁትን የሚጠይቃቸው ጽሑፍ። «ይህን የሰፋው በየትኛው እጅ ይመስልዎታል?» የሚል አንድ መስመር ቢጻፍ ምን ያህል ወጪ ይጠይቃል? ሌላው ሁሉ፣ ማለት የዕቃው ብዛትና የመብራቱ ነገር፣ በኋላ ይደርሳል።

እኛም ተማሪዎች በግቢያችን ቤተ መዘክር እያለልን አንገባም ተብለን እንወቀሳለን። ወቀሳው ከመቀጠሉ በፊት የሥነ ልቡና ተማሪዎች ሁለት ቅዳሜ ሰዓትና ደብተር ይዘው፣ ሰው የት እንደሚቆም፣ የት ፊቱን እንደሚያዞር ይመዝግቡልን። የኢኮኖሚክሱ ጓደኛዬ ቍጥሩን ሊደምር ተስማምቷል፤ ወንበሩ የት ይቀመጥ የሚለውን ከዚያ በኋላ እንነጋገርበታለን።