በውሃ ላይ የሚለቀመው ቀይ ፍሬ

በአሜሪካ የማሳቹሴትስ ግዛት፣ ከቦስተን በስተደቡብ አንድ ሰዓት ያህል በመኪና ሲጓዙ ካርቨርና ዌርሃም የሚባሉ ትናንሽ ከተሞች ይገኛሉ። በጥቅምት ወር ወደዚያ ያመራ ሰው በጥድ ዛፎች መካከል፣ የበርበሬ ስጥ የሚመስል ቀይ ሜዳ ያያል። ቀረብ ሲል ግን ሜዳው ውሃ ነው፤ ቀዩም የሚንሳፈፍ ፍሬ ነው። ስሙ ክራንቤሪ ይባላል። መጠኑ ከሽምብራ ተለቅ ይላል፣ ጣዕሙ ደግሞ እጅግ ጎምዛዛ ነው።

ይህን ሥዕል በጭማቂ ማሸጊያ ላይ ያየ ሁሉ ፍሬው ውሃ ውስጥ የሚበቅል ይመስለዋል። ነገሩ እንዲህ አይደለም። ክራንቤሪ ምድር ለምድር የሚሳብ ሐረግ ሲሆን፣ የሚስማማው ረግረጋማና አሸዋ የለበሰ መሬት ነው። የአገሩ ነባር ሕዝብ የሆኑት ዋምፓኖአጎች ፍሬውን ከዱር እየለቀሙ ሲመገቡት ኖረዋል። እርሻው የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ1816 ዴኒስ በተባለች የባሕር ዳር ከተማ ነው። ሄንሪ ሆል የተባለ ሰው ነፋስ አሸዋ ያለበሳቸው ሐረጎች ከሌሎቹ ይበልጥ ማፍራታቸውን አስተዋለና ራሱ አሸዋ እያለበሰ ይተክል ጀመር። ዛሬም በክረምት፣ ማሳው በውሃ ተሸፍኖ ሲረጋ፣ ገበሬው በየጥቂት ዓመቱ በበረዶው ላይ አሸዋ ይበትናል። በረዶው ሲቀልጥ አሸዋው በሐረጉ ላይ ይሰፍራል። በደንብ የተያዘ ሐረግ ከ100 ዓመት በላይ ፍሬ ይሰጣል።

ሥራው እንቅልፍ ይነሳል። በጸደይ ሌሊት ውርጭ ከመጣ ገበሬው ተነሥቶ በመርጫ ቧንቧ ውሃ ያርከፈክፋል፤ ውሃው ወደ በረዶ ሲለወጥ የሚለቀው ሙቀት እንቡጡን ያድነዋልና። አበባው ሲፈነዳ የንብ ቀፎዎች በማሳው ዳር ይደረደራሉ።

በመከር ጊዜ ማሳው ውሃ ይለቀቅበታል። መኪና እየዞረ ሐረጉን ሲመታው ፍሬው ይረግፋል፤ በውስጡ አራት አየር የያዙ ክፍሎች ስላሉት ወደ ላይ ይንሳፈፋል። ረጅም ቦቲ የተጫሙ ሠራተኞች በተንሳፋፊ አጥር ከበው ወደ አንድ ጥግ ይገፉታል፣ ፓምፕም ስቦ ወደ ጭነት መኪና ያወጣዋል። ይህ ለጭማቂና ለማርመላታ የሚውለው ነው። ውሃ የነካው ፍሬ ቶሎ ስለሚበላሽ በጥሬው የሚሸጠው በደረቁ ይሰበሰባል።

ከመኪናው በፊት ግን ሥራው ሁሉ በእጅ ነበር። ሴቶችና ሕፃናት በጉልበታቸው እየዳሁ ይለቅሙ ነበር። ፎቶግራፍ አንሺው ሉዊስ ሃይን እ.ኤ.አ. በ1910 በኒው ጀርሲ ያነሣቸው ሥዕሎች ትምህርት ቤት ተከፍቶ ሳለ ሣጥን የተሸከሙ ትንንሽ ልጆችን ያሳያሉ። ልጅ ላላት እናት ሥዕሎቹን ማየት ከባድ ነው። በማሳቹሴትስ የሥራውን ከባድ ድርሻ የያዙት ከአፍሪካ የኬፕ ቬርዴ ደሴቶች የመጡ ላብ አደሮች ሲሆኑ፣ እ.ኤ.አ. በ1933 የደመወዝ ጭማሪ ጠይቀው ሥራ አቁመው ነበር። መሪዎቹ ታሠሩ፣ አድማውም ተበተነ። ከለቀማው በኋላም ሴቶች በረጅም ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው የተበላሸውን ከደኅናው ይለዩ ነበር። በአዲስ አበባ መጋዘኖች ቡና የሚለቅሙትን እናቶች ያየ ሰው ይህ ሥራ ወገብንና ዓይንን ምን እንደሚያደርግ አይጠፋውም።

በዚሁ ሥራ ስሟ የሚነሣ አንዲት ሴት አለች። የኒው ጀርሲዋ ኤልሳቤጥ ሊ፣ የተጎዳው ፍሬ እንዳይጣል ብላ ቀቀለችና ማርመላታ አወጣችው፤ እሱንም መሸጥ ጀመረች። እ.ኤ.አ. በ1930 ከሁለት ወንድ አምራቾች ጋር የመሠረተችው የገበሬዎች ኅብረት ሥራ ማኅበር ዛሬ ኦሽን ስፕሬይ በሚል ስም ይታወቃል።

ስለ ጭማቂው ብዙ ይወራል። የሽንት ቧንቧ ሕመም ደጋግሞ የሚይዛቸውን ሴቶች በመጠኑ ሊከላከልላቸው እንደሚችል በጥናት ታይቷል። የያዘን ሕመም ግን አያድንም፤ የሚያቃጥላት ሴት ወደ ሐኪም መሄድ ይኖርባታል። በገበያ ላይ ያለው ብዙው ጭማቂ ስኳር የበዛበት መሆኑንም ልብ ይሏል።

አሜሪካውያን በኅዳር ወር የምስጋና በዓላቸው ከቱርክ ዶሮ ጋር ይህንኑ ማርመላታ ያቀርባሉ። አሠራሩ ቀላል ነው። ፍሬው ታጥቦ በውሃና በስኳር ይጣዳል። ሲሞቅ ጧ ጧ እያለ ይፈነዳል፤ ድምፁ ጋብ ሲል ከእሳት ይወርዳል።